ምጣዱ ያየውን ማን ይናገር?

 

ዛሬ የማወራችሁ ስለ ቤት ዕቃ ነው። ስለ ምጣድ፣ ስለ መሶብ፣ ስለ ትሪ፣ ስለ ሳጥን፣ ስለ ብርድ ልብስ። ጉዳዩ ለአዳራሽ ያነሰ መስሎ የሚታየው ሰው ይኖር ይሆናል። ይሁን እንጂ ይህችን አገር መግቦ ያቆየው ሥራ አብዛኛው የተሠራው ማጀት ውስጥ ነው። ስለ ማጀት በአዳራሽ መነጋገር የነበረብን ገና ድሮ ነበር።

የምለው አንድ ነገር ነው። የአገራችን አብዛኛው ቤተሰብ ታሪኩን በወረቀት አላስቀመጠም። የዕለት ማስታወሻ የሚጽፍ፣ ደብዳቤ በዓመተ ምሕረት ሰድሮ የሚያኖር ቤት ጥቂት ነው። በተቀረው ቤተሰብ ማን እንደ ደከመ፣ ማን ቀድሞ እንደ በላ፣ ማን ቆሞ እንደ ጠበቀ፣ ማን ሄዶ እንደ ቀረ ተመዝግቦ የሚገኘው በዕቃው ላይ ነው። ዕቃው ምስክር ነው። እኛ ደግሞ ምስክሩን ቃሉን ሳንቀበል ለቆራሌው እየሸጥነው ነው።

ከምጣድ ልጀምር።

የሸክላ ምጣድ ከገበያ በመጣበት ቀን እንጀራ አያወጣም፤ ሊጡ ይጣበቅበታል። መጀመሪያ መሟሸት አለበት። ምጣዱ እሳት ላይ ተጥዶ በደንብ ከጋለ በኋላ የተወቀጠ ጎመን ዘር ይነሰነስበታል፤ በጨርቅ እየተጫኑ ያሹታል። ጎመን ዘሩ ቅባቱን እየለቀቀ ይጨሳል፣ ሸክላው ቅባቱን ይጠጣል። እንደገና ይነሰነሳል፣ እንደገና ይታሻል። ጭሱ ዓይን ያቃጥላል፣ ግለቱ ፊት ይለበልባል፤ የምታሟሸው ሴት ፊቷን ዘወር እያደረገች፣ በነጠላዋ ጫፍ እንባዋን እየጠረገች ትቀጥላለች። ቀይ የነበረው ሸክላ ይጠቁራል፣ ይለሰልሳል፣ ያብረቀርቃል። የመጀመሪያዎቹ እንጀራዎች እየተቀዳደዱ የምጣድ ማሟሻ ሆነው ይቀራሉ። ከዚያ በኋላ ነው ዓይናማው እንጀራ የሚወጣው። እንግዲህ የአንድ ምጣድ ልስላሴ የአንዲት ሴት እጅ ሥራ ነው። ከሸክላ ሠሪዋ የተገዛው ግማሹ ነው፤ ሌላውን ግማሽ የጨረሰችው የቤቷ ባለቤት ናት።

አበው «ለምጣዱ ሲባል አይጧ ትለፍ» ያሉት ያለ ነገር አይደለም። ምጣድ ከተሰበረ ድካሙ ሁሉ እንደ አዲስ ይጀመራል።

ምጣዱ ምን ያያል? ሌሊቱን ያያል። ሊጡ ሁለትና ሦስት ቀን ቦክቶ፣ አብሲቱ ተጥሎ፣ ኩፍ ሲል ጊዜ አይሰጥም። ባልም ልጆችም ተኝተው ሳለ የምትነሣው አንዲት ናት። እንጀራ በሚበላበት አካባቢ ቤተሰቡ ከሚያነደው ማገዶ ከግማሽ በላይ የሚሄደው ለእንጀራ እንደሆነ በማገዶ ላይ የተደረጉ ጥናቶች ደጋግመው አሳይተዋል። ያንን ማገዶ ከጫካ አውርዶ በጀርባ ተሸክሞ የሚያመጣው ማን እንደሆነ ለእናንተ መንገር አያስፈልገኝም። ከእንጦጦ ቁልቁል የሚወርዱትን እናቶች ያላየ የአዲስ አበባ ሰው የለም። «ምርጥ» የተባለው የሲሚንቶ ምድጃ መጥቶ ማገዶውንና ጭሱን ቀነሰ፤ የደረሰባቸው ቤቶች ያመሰግኑታል። ከተማው ውስጥ ደግሞ የኤሌክትሪክ ምጣድ ገባ። ጭሱ ቀረ፤ ሌሊቱ ግን አልቀረም። የኤሌክትሪክ ምጣድ ከ3 እስከ 4 ኪሎ ዋት ኃይል ይስባል። ሰፈሩ ሁሉ በአንድ ጊዜ ሲጥድ ኃይሉ ይደክማል፣ ምጣዱ አይግልም፣ እንጀራው ይነጣል። ስለዚህ ብዙ ሴቶች ሰው ሁሉ ከተኛ በኋላ ይጥዳሉ። መብራት ሄዶ ዘጠኝ ሰዓት ሌሊት ላይ ሲመጣ «መብራት መጣ!» ብላ ከአልጋዋ ዘልላ የምትነሣውን ሴት ሁላችንም እናውቃታለን። ጠዋት ቁርስ ላይ እንጀራውን አንሥተን ስንበላ ግን መቼ እንደተጋገረ አንጠይቅም።

ምጣዱ ሌላም ነገር ያውቃል፤ ይህንን ሳልናገር ባልፍ እዳ ይሆንብኛል። ምጣዱን የሠራችው ሴት ማን ናት? አዲስ አበባ ውስጥ ቀጨኔ፣ ጎንደር አጠገብ ወለቃ፣ በሌላም በሌላም ቦታ ሸክላ ሠሪዎች አሉ፤ አብዛኞቹ ሴቶች ናቸው። እነዚህ ሴቶች አፈሩን ቆፍረው፣ ነፍተው፣ አቡክተው፣ ያለ መንኮራኩር በእጃቸው ክብ አውጥተው ምጣድ፣ ጀበና፣ ድስት፣ እንስራ ሠሩልን። እኛ ምን መለስንላቸው? «ቡዳ» አልናቸው። በዓይናቸው ይበላሉ ብለን ልጆቻችንን ሸሸግንባቸው። አብረናቸው ማዕድ አልቆረስንም፣ ጋብቻ አልተጋባንም። እጇ የሠራው ምጣድ በቤታችን እሳት ዳር የክብር ቦታ ይዞ ሳለ፣ እሷ ግን ደጃፋችን ላይ ዋጋዋን ተቀብላ ትመለስ ነበር። ቤተሰብ እንደምን ያለ ቤተሰብ እንደነበር የሚታወቀው ከማን ጋር እንደበላ ብቻ አይደለም፤ ከማን ጋር አልበላም ብሎ እንደ ኖረም ጭምር ነው። ምጣዱ ሁለቱንም አይቷል።

ከእነዚያ ሸክላ ሠሪዎች መካከል ቤተ እስራኤላውያን እናቶች ይገኙበት ነበር። በግንቦት 1983 ዓ.ም. በዘመቻ ሰሎሞን ከ14,000 በላይ ሰዎች ሁለት ቀን ባልሞላ ጊዜ ውስጥ ከአዲስ አበባ ወደ እስራኤል ሲጓጓዙ፣ ሰው ለማብዛት ሲባል የአውሮፕላኖቹ ወንበር ሳይቀር ተነቅሎ ነበር። ጓዝ የሚባል ነገር ቦታ አልነበረውም። ለጎንደር ቤቶች ሁሉ ዕቃ የሠሩ እጆች የራሳቸውን ዕቃ ትተው ሄዱ። የቤተሰብ ታሪክ በዕቃ ላይ ተጽፎ የሚኖር ከሆነ፣ በዚያ ጉዞ አያሌ ቤተሰብ መጽሐፉን ጥሎ ወጣ ማለት ነው። በዚያ ያሉ ልጆቻቸው ዛሬ አያቶቻቸውን «እዚያ ቤታችሁ ውስጥ ምን ምን ነበር?» ብለው መጠየቃቸው ትክክል ነው፤ ዕቃው ባይኖርም ቃሉ አለና።

ወደ መሶብ ልለፍ።

መሶብን በሁለት መንገድ እናወድሰዋለን፤ በእጅ ሥራው ውበትና በአንድነት ምልክትነቱ። ሁለቱም እውነት ነው። ስንደዶውና አክርማው በወስፌ እየተጠለፈ ወራት የፈጀ ሥራ መሆኑን የሰፋች ታውቀዋለች። ከአንድ መሶብ መብላትም ትልቅ ነገር ነው፤ የማይበላ ሰው ወዲያውኑ ይታወቃል። የከፋው ልጅ፣ ትኩሳት የጀመረው ልጅ፣ ከባሏ የተኳረፈች ሚስት ከአንድ ገበታ ላይ እጃቸው ሲያጥር ይታያል። «ምነው እጅሽ አጠረ?» የሚለው ጥያቄ ለስንቱ የተደበቀ ኀዘን በር ከፍቷል! ዛሬ እያንዳንዳችን ሳህናችንን ይዘን ፊታችንን ወደ ቴሌቪዥን አዙረን ስንበላ ያንን ጥያቄ የሚጠይቅ የለም። ይህ ያሳስበኛል፤ ደጋግሜም እናገረዋለሁ።

ይሁንና የድሮው ሁሉ መልካም ነበር ከሚሉት ወገን አይደለሁም። መሶቡ ማን ተቀምጦ ማን እንደ ቆመም ያስታውሳል። በብዙ ቤት አባትና እንግዳ ይቀድማሉ። ልጅ እጅ ያስታጥባል፣ ኩራዝ ይዞ ይቆማል፣ ጉርሻ ሲሰጠው እጅ ነሥቶ ይቀበላል። እናት ወጥ ትጨምራለች፣ እንጀራ ትደግማለች፣ «ብሉ እንጂ» ትላለች፤ የምትበላው ሁሉ ከተነሣ በኋላ ከተረፈው ነው። ምርጡ ብልት ለማን እንደሚወጣ የታወቀ ነበር። ያንን ሥርዓት ፍቅር ያልነበረበት ነው አልልም፤ ብዙ ፍቅር ነበረበት። ግን ያ ፍቅር በማን ጾም እንደ ቆመ እንወቅ ነው የምለው።

ቤቱን ራሱን መቀመጫ አድርጎ ይህን ሥርዓት በግልጽ የሠራው የሐረር ሕዝብ ነው። የሐረሪዎችን ባህላዊ ቤት የገባችሁበት ታውቃላችሁ። ውስጡ ነደባ በሚባሉ ከፍና ዝቅ ባሉ መደቦች የተሠራ ነው፤ ማን የት እንደሚቀመጥ፣ ሽማግሌ የት፣ እንግዳ የት፣ ወጣት የት እንደሆነ መደቡ ይናገራል። ግድግዳው ላይ የተሰቀሉት የስፌት ሙዳዮችና ሰፌዶች የዚያ ቤት ሴቶች እጅ ናቸው። የሐረሩ ጁገል ከተማ በ1998 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት ሲመዘገብ ዓለም ያየው ግንቡንና በሮቹን ብቻ አይደለም፤ እነዚያንም ቤቶች ነው። አንድ ሰፌድ ግድግዳ ላይ ተሰቅሎ የሰፋችውን ሴት ስም ለልጅ ልጇ ሲያስጠራ፣ ከዚያ የተሻለ የቤተሰብ መዝገብ ከየት ይመጣል?

እዚሁ አዲስ አበባ 6 ኪሎ፣ የቀድሞው የገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት ውስጥ ያለው የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም ሙዚየም ይህን ነገር ቀድሞ የተረዳ ይመስለኛል። ዕቃዎቹን በብሔር ወይም በዘመን ከፋፍሎ ከማስቀመጥ ይልቅ በሰው ልጅ ዕድሜ ነው የሰደራቸው፤ ከልጅነት ተነሥቶ በጎልማሳነት አልፎ እስከ ሞት። ማዘያው፣ የእርሻ ዕቃው፣ የመቃብር ምልክቱ ሁሉ በሰው ሕይወት ቅደም ተከተል ቆሟል። በዚያው ሕንፃ የንጉሠ ነገሥቱ መኝታ ቤት ይታያል፤ መስታወቱ ላይ የጥይት ቀዳዳ አለ። የታኅሣሥ 1953ቱ መፈንቅለ መንግሥት ሙከራ ትዝታ ነው ይባላል። ስለ ታኅሣሡ ግርግር ብዙ መጽሐፍ ተጽፏል፤ ያ መስታወት ግን አንድ ሰው ጠዋት ጠዋት ፊቱን የሚያይበት የቤት ዕቃ ነበር። ቤተ መንግሥትም ቤት ነው።

አሁን ደግሞ ወደ መንደራችን እንመለስ፤ ስለ ትሪ ላውራ።

በእናቴ ቤት አንድ ጠርዙ ሰማያዊ የሆነ ሰፊ የብረት ትሪ ነበረ። ጀርባው ላይ በጥፍር ቀለም ቀይ ነጥብ ተደርጎበታል። ከቀይዋ ነጥብ አጠገብ ደግሞ በሚስማር የተጫረ መስቀል አለ። የጎረቤታችን ትሪ አረንጓዴ ነጥብ ነበረው፤ የሌላኛዋ ደግሞ እጀታው ላይ ክር ይታሰርበታል። ምልክቱ ለምን እንደሆነ የሰፈር ልጅ ሆኖ ያደገ ሁሉ ያውቃል። ሠርግ ሲሆን፣ ልቅሶ ሲሆን፣ ክርስትና ሲሆን የሰፈሩ ትሪ ሁሉ አንድ ቤት ይገባል፤ ሲበተን የማን የማን እንደሆነ መለየት አለበት። ያ ትሪ ተጣምሞ ሲመለስ እናቴ አትቆጣም ነበር። በመዳፏ መታ መታ አድርጋ ታቀናዋለች፤ «የእትዬ እገሌ ልቅሶ ላይ ነው» ትላለች። ጠርዙ ላይ ያሉትን ስርጉዶች በጣቷ እየነካች የትኛው ከየትኛው ሠርግ፣ የትኛው ከየትኛው ሐዘን እንደመጣ ታውቅ ነበር። ያንን ትሪ የገዛችው እናቴ ናት፤ ከእናቴ ቤት ይልቅ ግን በሰው ቤት ይበልጥ ሠርቷል። የእኛ ቤተሰብ ወሰን የት ድረስ እንደነበረ ከዚያ ትሪ የበለጠ የሚያስረዳኝ ነገር የለም። ግቢያችን የሚያበቃበት አጥር ነበረ፤ ቤተሰባችን ግን እዚያ ላይ አያበቃም።

እድራችን ይህንኑ ሥርዓት አስፍቶ የያዘ ነው። ድንኳኑ፣ አግዳሚው፣ ብረት ድስቱ፣ ኩባያው፣ ምንጣፉ የሁሉም ነው። በእያንዳንዳችን የመጨረሻ ቀን ደጃፋችን ላይ የሚቆመው ድንኳን ዛሬ የእድሩ ዕቃ ቤት ውስጥ ተጠቅልሎ ተቀምጧል። ደሀውም ሀብታሙም ከአንዱ ድንኳን ሥር ይለቀስለታል። ዛሬ ሁሉን ነገር ከነአስተናጋጁ አከራይተው የሚያቀርቡ ድርጅቶች መጥተዋል፤ ድካም ይቀንሳሉ፣ አልቃወማቸውም። ግን በኪራይ የመጣ ትሪ ላይ የጎረቤት ምልክት የለም። እዚህ ላይ የቀረብን ነገር አለ እላለሁ።

ሳጥን። አያቶቻችን አልጋ ሥር የነበረው የቆርቆሮ ሳጥን፣ ወይም በጠፍጣፋ ብረት የታሰረው የእንጨት ሳጥን። ቁልፉ ከነጠላዋ ጫፍ ላይ ተቋጥሯል ወይም ከማተቧ ጋር በአንገቷ ተንጠልጥሏል። ክዳኑ ሲከፈት የናፍታሊን፣ የዕጣንና የአሮጌ ወረቀት ሽታ ቤቱን ይሞላዋል። የሠርጓ ቀሚስ፣ የሞተ ልጇ ጫማ፣ የግብር ደረሰኝ፣ በክር የታሰሩ ፎቶግራፎች፣ አንድ ሁለት የብር ጌጥ። ከሁሉ በታች ደግሞ ንጹሕ ነጭ አቡጀዲ ተጣጥፎ ይገኛል። መገነዣዋ ነው። በብዙ ቤት እናቶች መገነዣቸውን ራሳቸው ገዝተው ያስቀምጣሉ፤ «ለልጆቼ ዕዳ እንዳልሆን» ይላሉ። እስቲ ይህንን አስቡት። ዕድሜዋን ሙሉ ለሌላው ስትገዛ የኖረች ሴት ለራሷ ብላ የገዛችው ያንን ጨርቅ ብቻ የሚሆንበት ቤት አለ። ያንንም የገዛችው ሌላውን እንዳታስቸግር ነው። ሳጥኑን ከቀብር በኋላ በሽማግሌ ፊት የሚከፍቱ ልጆች ወርቁን ይቆጥራሉ፣ ደረሰኙን ይለያሉ። ጫማው የማን እንደነበረ የሚጠይቅ ግን ብዙ ጊዜ አይገኝም።

በእኛ ትውልድ ሳጥኑ ሌላም ነገር ይዟል። ቀይ ሽብር በነበረበት ዘመን ቤተሰብ መጽሐፉን በሌሊት እያነደደ፣ ፎቶግራፉን እየቀደደ ወይም እየቀበረ ነው የተረፈው። ልጃቸው ተወስዶ የቀረባቸው እናቶች ሸሚዙን ሳያጥቡ አስቀመጡ፤ ሽታው እንዳይጠፋባቸው። መስቀል አደባባይ ያለውን የቀይ ሽብር ሰማዕታት መታሰቢያ ሙዚየም ያየ ሰው ከጅምላ መቃብር የወጡትን ልብሶች ያስታውሳል። እነዚያ ልብሶች አንድ ጠዋት በአንድ ቤት ውስጥ ታጥበው፣ ተተኩሰው፣ ተለብሰው የወጡ ናቸው። ሬዲዮውም እንዲሁ ነው። ዳንቴል ለብሶ ከብፌው ላይ ተቀምጦ ዘፈን የሚያሰማው ሬዲዮ በኅዳር 1967 ዓ.ም. የቀድሞ ባለሥልጣናት ያሉባቸው ስድሳ ሰዎች መገደላቸውን ሲያውጅ፣ ሚስቶችና ልጆች የባላቸውንና የአባታቸውን ሞት የሰሙት ከራሳቸው ሳሎን ዕቃ ነው። መርዶ በሽማግሌ፣ በሌሊት፣ በዘመድ አፍ በሚነገርበት አገር!

አሁን ወደ ዘመናችን ልምጣ፤ ዛሬ ይበልጥ የሚያሳስበኝ እዚህ ያለው ነው።

በክፍለ ሀገር ከተሞችና በገጠር ብዙ ቤት ስትገቡ ግድግዳው ላይ ትልቅ ጠፍጣፋ ቴሌቪዥን ታያላችሁ። አልጋው ላይ አበባና ነብር የተሣለበት ወፍራም ብርድ ልብስ አለ። ጥግ ላይ ማቀዝቀዣ ቆሟል። «ይህን ማን ገዛው?» ብትሉ «ልጄ ናት፤ አረብ አገር ያለችው» ይሏችኋል። ስሟን ሲጠሩ ድምፃቸው ይለወጣል። ያቺ ልጅ በዚያ ቴሌቪዥን አንድ ፊልም አላየችም። ከዚያ ብርድ ልብስ ሥር አንድ ሌሊት አላደረችም። ወንድሞቿ የሚጠጡት ቀዝቃዛ ውሃ የእሷ ደሞዝ ነው፤ እሷ ግን የምትኖረው በፎቶግራፍና በስልክ ነው። በ2006 ዓ.ም. በጥቂት ወራት ውስጥ ከ160,000 በላይ ወገኖቻችን ከሳዑዲ ዓረቢያ ሲመለሱ ብዙዎቹ በእጃቸው አንድ ሻንጣ ወይም አንድ ፌስታል ነበር። በ2012 ዓ.ም. የሊባኖስ ኢኮኖሚ ሲወድቅ አሠሪዎች ሠራተኞቻቸውን አምጥተው ቤይሩት ባለው የኢትዮጵያ ቆንስላ ደጃፍ ላይ ከነሻንጣቸው ጥለዋቸው ሲሄዱ ዓለም ሁሉ በምስል አይቷል። እናቷ ቤት ያለው ማቀዝቀዣ ሙሉ ዋጋው ስንት እንደነበር የሚታወቀው እዚያ አስፋልት ላይ ነው።

ለእነዚያ ልጆች አልቅሰናል፤ ይገባልም። ነገር ግን እዚያ አገር ማጀት ውስጥ የምትተኛዋን ልጅ እያሰብን እዚህ በገዛ ማጀታችን የምትተኛዋን ልጅ እንዴት አናያትም? የአብዛኛውን ከተሜ ቤት ዕቃ የምታውቀው የቤት ሠራተኛዋ ናት። የትኛው ድስት እንደሚያሳርር፣ የትኛው ብርጭቆ ጠርዙ እንደተሸረፈ፣ የቤቱ ጌታ የትኛውን ኩባያ እንደሚወድ፣ ሕፃኑ በየትኛው ማንኪያ ካልሆነ እንደማይበላ ታውቃለች። ከዚህ ሁሉ ዕቃ የእሷ የሆነው የትኛው ነው? ጠዋት ተጠቅልሎ ከበር ጀርባ የሚቆም ስስ ፍራሽ፤ ልብሷን የያዘች አንዲት ፌስታል። ፍራሹም የቤቱ ነው። በአንዳንድ ቤት የምትበላበት ሳህንና የምትጠጣበት ኩባያ ለብቻው ተለይቶ ይቀመጣል። ያቺ የተለየች ኩባያ ምስክር ናት፤ ሸክላ ሠሪዋን ከማዕድ የለየንበት ነገር ዛሬም ከቤታችን እንዳልወጣ ትመሰክርብናለች። ይህን የምለው ማንንም ላሳፍር ብዬ አይደለም። ዛሬ ማታ ቤታችን ስንገባ ያቺን ኩባያ ከሌሎቹ ጋር እንደርድራት ብዬ ነው።

ሕጋችን ስለ ቤት ዕቃ የሚናገረው አለ። የተሻሻለው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 213/1992፣ በጋብቻ ውስጥ የተገኘ ንብረት በአንዱ ስም ቢመዘገብ እንኳ የግል መሆኑ ካልተረጋገጠ በቀር የጋራ እንደሆነ ይገምታል። ይህ ለሴቶች ትልቅ ድል ነው፤ የገዛው ብቻ ባለቤት ነው የሚለውን አስተሳሰብ ይቃወማል። ቤት ሲፈርስ ግን ዕቃ ሲዘረዘር ያያችሁ ታውቃላችሁ፤ ክርክሩ ሁሉ «ማን ገዛው? ዋጋው ስንት ነው?» ነው። «ማን ሠራበት?» የሚለው ጥያቄ በዝርዝሩ ላይ ቦታ የለውም። ሃያ ዓመት የተሟሸ ምጣድ በገበያ ዋጋው ከአዲሱ ያነሰ ነው። ሕግ ሁሉን መዳኘት እንደማይችል አውቃለሁ። ሕጉ የማይዘው ነገር በቤተሰቡ ልብ መያዝ አለበት።

ለምን ዛሬ፣ ለምን በዚህ ሰዓት ይህን እንደማነሣ ልናገርና ላብቃ። ከተማችን እየተለወጠች ነው። ብዙ ቤተሰብ ከአሮጌው ግቢ ወደ ኮንዶሚኒየም ገብቷል፤ ብዙ ሰፈር እየፈረሰ እንደ አዲስ እየተሠራ ነው። ንጹሕ ውሃና መጸዳጃ ያለው ቤት ለማንም አይጠላም። ነገር ግን ሙቀጫው አራተኛ ፎቅ ላይ አይወቅጥም፤ የታች ጎረቤት ይማረራል። ጋኑ በበሩ አይገባም። ሳጥኑ ከአዲሱ ቁምሳጥን ጋር አይሄድም። ስለዚህ ቤት በምንቀይርበት ዋዜማ «ቆራሌው!» የሚለው ድምፅ ሲሰማ እንጠራዋለን፤ ልዋጭ ሲያልፍ አሮጌውን ልብስ በፕላስቲክ ሣፋ እንለውጣለን። ብረቱ መርካቶ ምናለሽ ተራ ይደርሳል፤ እዚያ ያሉ ባለሙያዎች ቀጥቅጠው ምድጃ ያደርጉታል፣ መጥበሻ ያደርጉታል። የእነሱን ሙያ አከብራለሁ፤ ምንም ነገር በከንቱ እንዲጠፋ አያደርጉም። የሚጠፋው እኛ ሳንናገር የሸጥነው ነገር ነው። ጎንበስ ብሎ የተጣመመውን ትሪ ከረጢቱ ውስጥ የሚከተው ወጣት ያቺ ቀይ ነጥብ ምን እንደሆነች አያውቅም። ማንስ ነገረው?

ዕቃውን ሁሉ እናስቀምጥ አልልም፤ ቦታም የለን። ቃሉን ግን መቀበል እንችላለን። ስለዚህ የምለምናችሁ ይህንን ነው። በዚህ ሳምንት ከቤተሰባችሁ በዕድሜ የገፋችውን ሴት ፈልጓት፤ እናት ትሁን፣ አያት ትሁን፣ አክስት ትሁን። ሩቅ አገር ካለች ደውሉላት። ከቤቷ አንድ ዕቃ ብቻ ምረጡና ጠይቋት፦ ማን ሠራው? በምን ገንዘብ ተገዛ? መጀመሪያ የገባው የት ቤት ነው? ማን ነበር የሚጠቀምበት? ማን ሰበረው፣ ማን ጠገነው? ስልካችሁን ከፍታችሁ ድምፅዋን ቅዱት፤ ልጆቻችሁም አጠገቧ ይቀመጡ። ከዚያ የሰማችሁትን በአንድ ወረቀት ጻፉና ዕቃው ውስጥ ወይም ጀርባው ላይ አኑሩት። ዕቃውን የምትሸጡት ከሆነ ወረቀቱን አስቀሩት። ቤታችሁ የምትሠራ ልጅ ካለችም እሷንም ጠይቋት፤ ከእናቷ ቤት ስትወጣ ምን ይዛ እንደወጣች፣ ምን ትታ እንደመጣች። የምትመልስላችሁን በወረቀቱ ላይ በስሟ ጻፉት።